ጉም ሲወርድ ጊዜ የሚዘገይበት ሸለቆ፦ ሐሳብ ስጡኝ

ጥያቄ፦
ሰላም ለሁላችሁ። አራት ኪሎ ነው የምኖረው። ማታ ማታ ልብ ወለድ እጽፋለሁ። ሐምሌ ላይ በጠዋት እንጦጦ በጉም ሲሸፈን ከበረንዳዬ አየዋለሁ፤ ሐሳቡ የመጣልኝ ከዚያ ነው።

በፈጠርኩት ዓለም ውስጥ አንድ ሸለቆ አለ። ጉም ሲወርድበት ጊዜ ይዘገያል። አንዲት እናት የጠፋች ጊደር ፍለጋ ትገባለች። ለእሷ ግማሽ ሰዓት ነው። ስትመለስ ግን ጡት ያላስጣለችው ልጇ ፂም አውጥቶ ደጃፉ ላይ ቆሟል። በነጠላዋ የቋጠረችው ቂጣ እንኳ አልቀዘቀዘም። ይቺን ቂጣ በጣም ነው የምወዳት።

ጉሙ ምክንያት ይኑረው ወይስ ምሥጢር ሆኖ ይቅር?

መልስ 1፦
ምክንያቱን ተወው፣ ሕጉን ግን አጥብቀው። በእኛም ዓለም ጊዜ እኩል አይሄድም። በአንስታይን ንድፈ ሐሳብ መሠረት ስበት በበረታበት ቦታ ሰዓት ይዘገያል። ስበት በሚላላበት ከፍታ ላይ ያሉት፣ ቦታ የሚጠቁሙን የጂፒኤስ ሳተላይቶች ሰዓት መሬት ላይ ካለው በቀን ወደ 38 ማይክሮ ሰከንድ (የሰከንድ ሚሊዮንኛ) ይቀድማል። ባይታረም ኖሮ ስልካችን ላይ ያለው ካርታ ቦታ ይስት ነበር። እንግዲህ ወደ ሸለቆው በወረደች ቁጥር ጊዜው ይበልጥ ይዘግይ።

መልስ 2፦
ወንድሜ፣ ጳጉሜን እያለችልን! 5 ቀን፣ በ4 ዓመት አንዴ 6። ጉሙ በ6ኛዋ ቀን ብቻ ቢወርድስ? ሰዉ ቀኗን እየቆጠረ ይፈራታል።

ጠያቂ፦
6ኛዋን ቀን ወሰድኳት፣ እግዜር ይስጥልኝ። ዛሬ ማታ እንደገና እጽፈዋለሁ። ልጁ ምንም አይናገርም። ቂጣውን ተቀብሎ በመዳፉ ይይዘዋል። ይሞቃል።