ክርክር፦ የቪክቶሪያ የላይኛው ምክር ቤት «ቲኬት» ይቅር ወይስ ይቆይ?

አወያይ፦
መነሻችን ከ2018 እስከ 2022 የተቀመጠው 59ኛው የቪክቶሪያ (የአውስትራሊያ ግዛት) ፓርላማ ነው (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር)። ከላይኛው ምክር ቤት 40 ወንበሮች ገዢው ሌበር 18፣ ተቃዋሚዎቹ ሊብራልና ናሽናል አንድ ላይ 11 ወሰዱ። የቀሩትን 11 ወንበሮች ስምንት ትናንሽ ፓርቲዎች ተከፋፈሏቸው። ከነዚህ አንዱ የትራንስፖርት ማተርሱ ሮድ ባርተን ሲሆን፣ በኢስተርን ሜትሮፖሊታን የምርጫ ክልል የገባው ወደ 0.6 በመቶ የሚሆን የመጀመሪያ ድምፅ ይዞ ነው። ያስገባው ፓርቲዎች አስቀድመው የሚያስመዘግቡት የፕሪፈረንስ (ድምፁ በምን ቅደም ተከተል ወደ ሌሎች እንደሚዛወር የሚያሳይ) ሰነድ፣ ማለትም ቲኬቱ ነው። ይቅር ወይስ ይቆይ?

ቆጣሪው፦
ይቅር። መጀመሪያ ግን አሠራሩን እንይ፤ ብዙ ሰው «አጭበረበሩ» ብሎ ያልፈዋል እንጂ ሕጉን የጣሰ የለም።

ግዛቱ በ8 የምርጫ ክልል ተከፍሏል፤ እያንዳንዱ 5 ሰው ይልካል። ለአንድ ወንበር የሚያስፈልገው ኮታ ትክክለኛው ድምፅ ለ6 ተካፍሎ ሲደመር አንድ ነው፤ በመቶኛ 16.67 ገደማ። የድምፅ መስጫ ወረቀቱ በመስመር ተከፍሏል፤ ከላይ ፓርቲዎች፣ ከታች ግለሰብ ተወዳዳሪዎች አሉ። ከመስመሩ በላይ በአንድ ሳጥን «1» የጻፈ ሰው የቀረውን ቅደም ተከተል በሙሉ ለፓርቲው ለቀቀ ማለት ነው። ፓርቲው ያስመዘገበው ሰነድ ከአንደኛ እስከ መጨረሻው ተወዳዳሪ ይደረድርለታል።

አሁን እያንዳንዳቸው ከግማሽ እስከ 3 በመቶ ያላቸው አሥር ፓርቲዎች እርስ በርስ ቢሰጣጡ፣ ከታች ያለው ሲወድቅ ድምፁ እንዳለ ከእሱ ከፍ ወዳለው ይሄዳል፤ ያም ሲወድቅ ሁለቱንም ይዞ ወደ ሌላ። አስቸጋሪው የመጀመሪያው ዙር ነው። 0.6 በመቶ ያለው ሰው ቶሎ የሚወድቁ፣ ለእሱ የሚሰጡ ከሱ ያነሱ ፓርቲዎች ካላገኘ ራሱ ቀድሞ ይጠረጋል። ባርተን እነሱን አገኘ፤ ከዚያ ወዲያ እየተንከባለለ አደገ።

ባለሰሌዳ፦
ድር ቢያብር አንበሳ ያስር ይባል የለ? ታዲያ ትናንሾቹ ቢተባበሩ ነውሩ ምንድን ነው?

የባርተን ፓርቲ ትራንስፖርት ማተርስ ለምን እንደተወለደ አትርሱ። በ2017 መንግሥት የታክሲ ፈቃድ ገበያውን ክፍት ሲያደርግ፣ ሰው ቤቱን አስይዞ በመቶ ሺዎች ዶላር የገዛው ሰሌዳ (የታክሲ ፈቃዱ) ዋጋ ቢስ ሆነ። ካሳው ለመጀመሪያው ፈቃድ 100,000 ዶላር፣ ከዚያ በላይ ላለው እስከ ሦስት ድረስ ለእያንዳንዱ 50,000 ነበር። ለማካካሻ ተብሎ በየጉዞው 1 ዶላር ቀረጥ ተጣለ። ሜልቦርን ውስጥ ታክሲ የሚነዳ ሐበሻ ደግሞ ጥቂት አይደለም። ባለ ሰሌዳው በየሰፈሩ ተበትኖ የሚኖር ሰው ነው፤ በየትኛውም ክልል ብቻውን 16 በመቶ አይሞላም። ያለ ቲኬት ማን ይወክለው ነበር?

ወለተ ፉትስክሬይ፦
ድሩን ያደራው መራጩ ቢሆን ኖሮ እስማማ ነበር፤ ግን የሚያደሩት በዝግ ቤት የሚደራደሩ ጥቂት ሰዎች ናቸው። ለአካባቢ ጥበቃ ብሎ «1» የጻፈ ሰው ድምፁ የማይወደው ፓርቲ ጋ ሄዶ ሊያርፍ ይችላል፤ ድምፁ የት እንዳረፈም ሳያውቅ ይቀራል።

ውጤቱን እዩ። በ2018 የአካባቢ ጥበቃ ፓርቲው ግሪንስ በግዛቱ ከ9 በመቶ በላይ አግኝቶ 1 ወንበር ብቻ ወሰደ። የዴሪን ሂንች ፓርቲ 4 በመቶ ሳይሞላ 3 ወሰደ። ከሦስቱ አንዷ ካትሪን ከሚንግ ደግሞ እንደተመረጠች ወዲያው ፓርቲውን ትታ በግሏ ተቀመጠች። በ2022 ግሪንስ 10 በመቶ ገደማ አግኝቶ 4 ወንበር አገኘ። ድምፁ እምብዛም ሳይለወጥ ወንበሩ አራት እጥፍ! ይህ ምርጫ ነው ሎተሪ?

ባለሰሌዳ፦
ሎተሪም ከሆነ የወጣለት ሰው ምን ሠራበት ብለሽ ጠይቂ እንጂ፣ እህት ወለተ።

ቆጣሪው፦
እሱን ልመልስ፤ የዚህ ዘመን ዋናው ታሪክ እዚያ ነውና። በዚህ ምክር ቤት ፕሬዚደንቱም እንደማንኛውም አባል አንድ ድምፅ አለው፤ ድምፅ እኩል ከተከፈለ ሐሳቡ ይወድቃል። ስለዚህ ሁሉም ከተገኙ 21 ያስፈልጋል። ሌበር በ18ቱ ላይ ከግሪንሷ ሳማንታ ራትናም፣ ከአኒማል ጀስቲሱ አንዲ ሜዲክና ከሪዝኗ ፊዮና ፓተን ጋር ልክ 21 ይሞላ ነበር። በሰኔ 2020 አደም ሶምዩሬክ ከሌበር ሲወጣ 20 ቀረ። በዚያው ዓመት መስከረም የኮቪድ የአስቸኳይ ጊዜ አዋጁን ማራዘሚያ 20 ለ19 ያሳለፉት ራትናም ከወሊድ ፈቃድ ላይ ተነሥታ ድምፅ ስለሰጠች፣ ሶምዩሬክም ስላልተገኘ ነው።

በኅዳር 2021 የአስቸኳይ ጊዜ አዋጁን የሚተካው የወረርሽኝ ሕግ ሲመጣ ሶምዩሬክ ተመልሶ እንደሚቃወም አሳወቀ። 20 ለ20 ማለት ሕጉ ሞተ ማለት ነው። መንግሥት አንድ ሰው ፈለገ፤ ያ ሰው ባርተን ሆነ። ተደራድሮም ደገፈ፤ በታኅሣሥ መጀመሪያ ሕጉ አለፈ፤ የክትትል ኮሚቴውንም የመራችው ከመንግሥት ወገን ያልሆነች የግል ተመራጭ ናት። ድርድሩ መጥፎ ነበር አልልም። ግን ኢስተርን ሜትሮፖሊታን ውስጥ «ይህን ሰው ልኬዋለሁ» የሚል ከ160 አንድ ገደማ ሰው ብቻ ያለው አባል፣ የስድስት ሚሊዮን ተኩል ሰው ሕግ ወሳኝ ሆነ።

ባለሰሌዳ፦
ይቅርታ፣ ጋሼ ቆጣሪው፤ የሌበሩም አንዱ ድምፅ ወሳኝ ነበር። 20 ሰው ሳይደግፍ አንድ ሰው ምንም አያሳልፍም። ፓተንስ በቲኬት አልገባችም? ሥራዋን ግን ሁሉም ያከብራል።

መሐል ሰፋሪ፦
ሁለታችሁም አንድ ነገር ዘለላችሁ፦ ቲኬቱን አንሥተን ምን እንተካለን? ቲኬቱን ለማንሣት ተራ ሕግ ይበቃል። ስምንቱ ክልሎችና አምስት አምስቱ ወንበር ግን በግዛቱ ሕገ መንግሥት ታስረዋል፤ እነሱን ለመንካት ሪፈረንደም ያስፈልጋል። ቲኬቱ ብቻ ተነሥቶ 16.67 ባለበት ከቀረ ትርፉ ለትልልቆቹ ነው፤ ባለ ታክሲውም፣ ገበሬውም፣ አንድ ሰፈር የተሰባሰበው ስደተኛም በር ይዘጋበታል።

ዌስተርን አውስትራሊያን እዩ። በ2021 የዴይላይት ሴቪንግ ፓርቲ ተወዳዳሪ በ98 የመጀመሪያ ድምፅ ወንበር ሲያገኝ ቲኬቱን ጣሉት፤ አብረው ግን ግዛቱን በሙሉ አንድ ክልል አደረጉት፤ 37 ወንበር። ኮታው ወደ 2.6 በመቶ ወረደ። እዚያ 3 በመቶ ያለው ፓርቲ ማንንም ሳይለምን ይገባል። ኒው ሳውዝ ዌልስ፣ ሳውዝ አውስትራሊያና የፌደራሉ ሴኔትም ቲኬቱን ትተዋል፤ ቪክቶሪያ ብቻዋን ቀርታለች።

ወለተ ፉትስክሬይ፦
ለሪፈረንደሙ እስማማለሁ። እሱን ስንጠብቅ ግን ቲኬቱ እንዲቀጥል አልስማማም። መራጩ ከመስመሩ በላይ ራሱ 1፣ 2፣ 3 እያለ ቢደረድር፣ የብዙ ሰው ድምፅ መንገድ ላይ ስለሚያልቅ የመጨረሻው ወንበር ሙሉ ኮታ ሳይሞላም ይያዛል። 7 እና 8 በመቶ ያለው ፓርቲ አይሞትም። የሚሞተው 0.6ቱ ነው።

ባለሰሌዳ፦
እሱንማ አልኩ፤ 0.6ቱ እኛ ነን።

አዲስ መራጭ፦
ክርክራችሁ ጥሩ ነው፤ ግን ሕጉ እስኪለወጥ ድምፄን ሌላ እንዳያዞርብኝ ምን ላድርግ?

ቆጣሪው፦
ከመስመሩ በላይ አትንካ። ከታች ለግለሰቦቹ ቢያንስ ከ1 እስከ 5 ጻፍ፤ ይህ ብቻ ድምፅህን ትክክለኛ ያደርገዋል፣ ቲኬቱም አይመለከትህም። ግን አምስት ላይ አትቁም፦ አምስቱም ከወደቁ ድምፅህ እዚያው ያልቃል። የምትታገሣቸውን ሁሉ እስከ 15 እና 20 ቁጠር፤ የማትፈልጋቸውን ባዶ ተዋቸው። ቁጥር እንዳትደግምና እንዳትዘልል ተጠንቀቅ።