ፎራሚኒፌራ፦ ቀዳዳው የቱ ነው?

ዘደሴ፦
እንደምን ዋላችሁ የቃል ወዳጆች። አንድ ቃል ሦስት ቀን እንቅልፍ ነስቶኛል። እዚሁ ደሴ ለተማሪዎች ዐውደ ርእይ የሚለጠፉ መግለጫዎችን ወደ አማርኛ እየመለስኩ ነው። አንዱ ሣጥን ውስጥ ምስር የምታክል ድንጋይ አለች። የጥንት ባሕር ፍጡር ቅሪት ናት፤ «ፎራሚኒፌራ» ይላታል ወረቀቱ። ላቲኑን ፈትቼ «ቀዳዳ ተሸካሚ» አልኩት። ታናሽ እህቴ አንብባ በሳቅ ሞተች። «ሰውዬው ቀደዳውን ተሸክሞ ነው የሚዞረው?» አለችኝ። የዘመኑ ልጆች ውሸት ሲጋነን «ቀደዳ» እንደሚሉት ታውቃላችሁ። ተማሪዎቹም እንደሷ ናቸው፤ አይለቁኝም።

ስልኬ ላይ ያለውን ተርጓሚ ብጠይቀው ደግሞ «የፎራሚኒፌራ ፈተና ከኖራ የተሠራ ነው» ብሎኝ እርፍ። ፈተና ከኖራ! እስቲ አግዙኝ፤ ማክሰኞ ማተሚያ ቤት ይገባል።

ጦሳ፦
አብሽሪ፣ ከፈተናው ልጀምርልሽ። እንግሊዝኛው ላይ «ቴስት» የሚል አይተሻል። ቴስት ሁለት ነው። አንዱ ተማሪ የሚቀመጥለት፣ ሌላው የእንዲህ ያለ ፍጡር ዛጎል። ተርጓሚው የሚያውቀውን አነሳ። የሚገርመው ግን ሁለቱ ዘመዳሞች መሆናቸው ነው። የሁለቱም ምንጭ ሸክላ ማለት የሆነ የላቲን ቃል ነው። ዛጎሉ ከሸክላ ዕቃ ጋር ተመሳስሎ ስሙን ወሰደ። ፈተናው ደግሞ ወርቅና ብር አንጥረው ንጹሕነቱን ከሚለዩበት የሸክላ ዕቃ መጣ። እኛስ «ወርቅ በእሳት ይፈተናል» እንል የለ? ተርጓሚሽ ሳያውቀው ዘመድ አገናኝቷል። አንቺ ግን «ዛጎል» በይ። «ቅርፊት» ካልሽ ዛፍ ይመስላል።

ስለ ቀዳዳው ቦርከና ቢመጣ ይሻላል። ድንጋይ የሱ ሙያ ነው።

ወረኢሉ፦
ቦርከና እስኪመጣ እኔ ስለ ምስሩ አንድ ነገር ልበል። እቴ፣ ምስር የመሰለሽ አንቺን ብቻ አይደለም። ጊዛ ያሉት ፒራሚዶች የተሠሩበት የኖራ ድንጋይ በዚህ በሣጥንሽ ውስጥ ባለው ዓይነት የተሞላ ነው። ዕድሜው ከ40 ሚሊዮን ዓመት በላይ ነው። የግሪኩ ስትራቦ የዛሬ 2000 ዓመት ገደማ ግብጽ ሄዶ ፒራሚዱ ሥር ምስር የሚመስል የጠጠር ቁልል አየ። የአገሩ ሰው ምን አለው? «የሠራተኞቹ ትራፊ ምግብ ነው፤ ድንጋይ ሆኖ ቀረ።» ይኸው እስከ ዛሬ ይወራል።

እኔ ያደግኩት ምስር በሚዘራበት አገር ነው። ድንጋይ የሆነ ምስር ቢያሳዩኝ እኔም እንደዚያው የምል ይመስለኛል። የበሰለ ነው ወይስ ክክ ብዬ ብቻ እጠይቅ ነበር።

የዚያ ዓይነቱ የግል ስም «ኑሙላይት» ነው። «ትንሿ ሳንቲም» ማለት ነው በላቲን። ግብጻዊው ምስር አየ፣ ስም አውጪው ገንዘብ አየ።

ቦርከና፦
ዘግይቼ ገባሁ፤ ይቅርታ። እኛ በሥራ ላይ «ፎራም» ብለን ነው የምንጨርሰው። ሙሉውን የሚጠራ ሰው ካየሽ ወይ ፈተና ላይ ነው፣ ወይ ወረቀት እያቀረበ ነው።

«ቀዳዳ ተሸካሚ» ላቲኑን በትክክል ፈቷል፤ በሱ አትፈሪ። ጣጣው ሰው ሁሉ ቀዳዳውን የማይሆን ቦታ መፈለጉ ነው። ዛጎሉን በማጉያ ስታዪው ብዙዎቹ ግድግዳቸው በመርፌ ጫፍ የተወጋ ይመስላል። «አሃ፣ ስሙ ከዚህ ነው» ትያለሽ። እኔም ተማሪ ሳለሁ እንደዚያ ብዬ ነበር። አይደለም። ግድግዳቸው እንደ ስኒ ድፍንና ልስልስ የሆነ ፎራሞች ሞልተዋል። እነሱም ያው ፎራም ናቸው።

ስሙን ያወጣው ፈረንሳዊው አልሲድ ዶርቢኚ ነው፣ በ1826 እ.ኤ.አ.። እሱ ያየው ቀዳዳ ውስጥ ነው ያለው። ይህ ፍጡር ቤቱን በአንድ ጊዜ አይሠራም። መጀመሪያ አንዲት ኩርምት ያለች ክፍል ይሠራል፤ በር አላት። ሲያድግ ትጠበዋለች። ታዲያ አፍርሶ አይሠራም፤ በሩ ፊት ሌላ ሰፋ ያለች ክፍል ይቀጥላል። እሷም በር አላት። ከዚያ ሌላ፣ ከዚያ ሌላ። አንዳንዱ እንደ ቀንድ አውጣ እየጠመዘዘ፣ አንዳንዱ ቀጥ ብሎ። አየሽ፣ መጀመሪያ ወደ ውጭ ያስወጣ የነበረው በር አሁን ከጓዳ ወደ እልፍኝ መተላለፊያ ሆኗል። የፍጡሩ አካል በዚያች በኩል ከክፍል ክፍል ይፈሳል። ዶርቢኚ «ፎራመን»፣ በላቲን ቀዳዳ፣ ያለው ያቺን ነው።

ለምን እሷን መረጠ ካልሽ፣ እነዚህን ፍጥረታት የመደባቸው ከኦክቶፐስና ከናውቲለስ ወገን ነበር። ናውቲለስ ባለ ዛጎል የኦክቶፐስ ዘመድ ነው፤ የሱም ቤት ባለ ብዙ ክፍል ነው፤ ክፍሎቹን የሚያገናኘው ግን ቱቦ ነው። እነዚህ ቱቦ የላቸውም፤ ቀዳዳ ብቻ። ስሙ የወጣው ሁለቱን ለመለየት ነው። በ1835 ሌላ ፈረንሳዊ፣ ፌሊክስ ዱጃርዳን፣ እነዚህ የኦክቶፐስ ዘመድ ሳይሆኑ አንድ ሕዋስ ብቻ ያላቸው ፍጥረታት መሆናቸውን አሳየ። ምደባው ወደቀ፤ ስሙ ግን ከመቃብር በላይ ዋለ።

ሁሉም ከኖራ የሚሠራ እንዳይመስልሽ ደግሞ። የአሸዋ ቅንጣት እየለቀመ በራሱ ሙጫ የሚመርግም አለ። ልክ እንደ ጭቃ ቤት መራጊ።

ስለ መልቀም ካነሳሁ አይቀር፦ ናሙናውን በወንፊት እናጥባለን። የወንፊቱ ዓይን 0.063 ሚሊሜትር ነው። የቀረውን አድርቀን ጥቁር ዝርግ ዕቃ ላይ እንበትናለን። ከዚያ ማጉያው ሥር ጎንበስ ብለን፣ ጫፏን በረጠበች ቀጭን ብሩሽ አንድ በአንድ እንለቅማለን። «መልቀም» ነው የምንለው፤ ሌላ ስም የለውም። እናቴ አንድ ቀን ስሠራ አይታ «ምስር ነው የምትለቅመው?» አለችኝ። ልዩነቱ፣ እሷ ሰፌዱ ላይ ጠጠሩን ትጥላለች። እኔ የምፈልገው ጠጠሩን ነው።

እንግዲህ ስሙን «ባለ ደጅ» ብትዪውስ?

ጦሳ፦
ጋሼ ቦርከና፣ ትንታኔው ግሩም ነው፤ «ደጅ» ላይ ግን አልስማማም። ደጅ የውጭው ነው። ደጅ የሚጠና ሰው ገና አልገባም፤ «ደጅ ነው ያለው» ሲባልም ውጭ ነው ማለት ነው። እርስዎ የነገሩን ቀዳዳ ደግሞ ደጅነቱ ቀርቶ ውስጥ የገባ ነው። «በር» ይሻላል። «ባለ በር» ብቻውን ግን ባዶ ነው፤ በር የሌለው ቤት የት አለ?

«ውስጠ በር» ብንለውስ? «ውስጠ ደንብ»፣ «ውስጠ ወይራ» እንደምንለው። ውስጠ ወይራ ላዩ ሌላ፣ ውስጡ ሌላ የሆነ ንግግር ነው። ይህም ከውጭ ሲያዩት ድፍን ጠጠር፣ ሲከፍቱት እልፍኝ በእልፍኝ።

ቦርከና፦
ውስጠ በር። ተሸነፍኩ።

የሐይቅ ልጅ፦
እኔ ደግሞ «የባሕር» የሚለው ላይ ነኝ። ዘደሴ «የጥንት ባሕር ፍጡር» ብላለች። እኛ ሐይቅ ዳር ያደግን ልጆች «ባሕር ወረድኩ» ስንል ሐይቁን ነው። ባሕር ዳርም ስሟን ያገኘችው ከጣና ነው። የእኛ ልጅ መግለጫውን አንብቦ ድንጋዩን እስጢፋኖስ ገዳም ሥር ሊፈልግ ነው። እውነት እዚያ ይገኛል እንዴ? ላሊበላስ? ፒራሚዱ ውስጥ ካለ ላሊበላ ለምን አይኖርም?

ቦርከና፦
ወንድሜ፣ ጥሩ ያዝክ። ፎራም በዋናነት የጨው ባሕር ፍጡር ነው። «የጨው ባሕር» ወይም «ውቅያኖስ» ተብሎ ይለይ። ከሐይቃችን ደለል ውስጥ የተጠናው ዲያቶም ነው። እሱ ሌላ ነው፤ ዛጎሉ እንደ መስታወት ከሲሊካ የሚሠራ ረቂቅ የውኃ ተክል ቢጤ።

ላሊበላ የተፈለፈለው ከእሳተ ገሞራ ድንጋይ ነው። ከእሳት የወጣ ድንጋይ ውስጥ የባሕር ዛጎል አይፈለግም። የእኛ ደጋ በአብዛኛው እንደዚያው ነው፤ የዛሬ 30 ሚሊዮን ዓመት ገደማ የፈሰሰ ባዛልት። የባሕሩ ድንጋይ ከሥሩ ነው የተቀበረው። ማየት ከፈለግህ ወንዝ በጥልቀት የቆረጠው ቦታ ሂድ። ከጎሃ ጽዮን ወደ ደጀን ስትሻገር የዓባይ ገደል ላይ ንብርብር ሆኖ የሚታየው ነጣ ያለ የኖራ ድንጋይ በጁራሲክ ዘመን ባሕር የተኛበት ነው። ከ145 ሚሊዮን ዓመት በላይ ሆኖታል። ፎራም አለው።

ቃል ለምትወዱ ደግሞ ጉርሻ ልስጣችሁ። የዚያ የኖራ ድንጋይ የሙያ ስም «አንታሎ» ነው፤ የትግራዩ ሕንጣሎ መሆኑ ነው። ስሙን ያወጣው እንግሊዛዊው ዊልያም ብላንፎርድ ነው። የመጣው በ1868 እ.ኤ.አ. ከመቅደላው ዘመቻ ጋር ነው፤ ወታደሩ ወደ አምባው ሲያይ እሱ ድንጋይ ያይ ነበር። ከላይ ያለውን የእሳተ ገሞራ ድንጋይም ለሁለት ከፍሎ የታችኛውን «አሸንጊ»፣ የላይኛውን «መቅደላ» አለው። የቴዎድሮስ አምባ በድንጋይ ሊቃውንት መዝገብ ውስጥ የገባችው እንደዚህ ነው። ወሎዬ ሆኖ ይህን የማያውቅ ስንት አለ መሰላችሁ።

ወረኢሉ፦
ማሻአላህ። ጋሼ፣ ይህን ሁሉ ይዘው ነው ዝም ያሉት?

ጦሳ፦
እኔ ሁለት ትንንሽ ነገር ቀርታኛለች፤ ሙያዬ ናትና ታገሡኝ።

አንደኛ፣ ዘደሴ በውስጥ መስመር የላከችልኝ ረቂቅ ርእሱ «ደቂቀ ቅሪተ አካል» ይላል። በማይክሮስኮፕ የሚታይ ቅሪት ለማለት ነው። ሐሳቡ ጥሩ ነው፤ «ደቂቅ ዘአካላት» ከሚለው ወስዳዋለች። ግን አንዲት ፊደል አሳስታለች። «ደቂቅ» ሲሆን ጥቃቅን ነው። «ደቂቀ» ሲሆን ግን የእገሌ ልጆች ማለት ይሆናል። «ደቂቀ እስጢፋኖስ» የአባ እስጢፋኖስ ልጆች እንደሆኑት ሁሉ «ደቂቀ ቅሪተ አካል» የቅሪተ አካል ልጆች ናቸው። ድንጋይ ወለደ ማለት ነው። «ደቂቅ ቅሪተ አካል» ይባል።

ሁለተኛ፣ «ፎራሚኒፌራዎች» የሚለው። ፎራሚኒፌራ ራሱ ብዙ ነው። አንዱ «ፎራሚኒፈር» ነው። «ዎች» ስትጨምሪበት «ካህናቶች»፣ «ሊቃውንቶች» እንደሚለው ሰው ሆንሽ። የግእዙን ስንቆጣ ኖረን የላቲኑን ዝም ማለት አይሆንም።

ዘደሴ፦
መምህር፣ «መረጃዎች» የሚለውስ? «ሚዲያዎች»ስ? ሚዲያም በላቲን ብዙ ነው አሉ፤ እርስዎም ባለፈው ጽፈውታል።

ጦሳ፦
«መረጃ» ንጹሕ አማርኛ ነው፤ አትንኪብኝ። «ሚዲያዎች» ላይ ግን ያዝሽኝ። አንድ ቃል አገር ውስጥ ገብቶ ከለመደ በአገሩ ሕግ ይኖራል፤ ሚዲያ ከለመደ ቆይቷል። ፎራሚኒፌራ ገና እንግዳ ነው። እንግዳ ደግሞ ይከበራል።

ወረኢሉ፦
ይህን ማምለጫ ይላሉ በእኛ አገር።

ቦርከና፦
እኛ «ፎራሞች» ነው የምንለው። ማንም ከሶ አያውቅም።

የሐይቅ ልጅ፦
አንድ ነገር ብቻ። ተማሪው «ለምን ይጠቅማል?» ማለቱ አይቀርም። በትርጉሙ ውስጥ አንድ መስመር ይኑር።

ቦርከና፦
አጭር ነው። ዓይነታቸው በየዘመኑ ስለሚለዋወጥ፣ ነዳጅ ፈላጊዎች ከጉድጓድ በወጣ ስባሪ ውስጥ የትኛው ፎራም እንዳለ አይተው የድንጋዩን ዕድሜ ይናገራሉ። ዳይኖሰር በመሰርሰሪያ ቀዳዳ አይወጣም፤ ፎራም ይወጣል። በዛጎላቸው ውስጥ ያለው የኦክስጅን ዓይነት ደግሞ የጥንቱን ባሕር ሙቀትና የዋልታውን በረዶ መጠን ይጠቁማል። በ1955 እ.ኤ.አ. ተመራማሪው ቼሳሬ ኤሚሊያኒ የበረዶ ዘመናትን መመላለስ ያነበበው ከነሱ ነው።

ዘደሴ፦
እግዜር ይስጥልኝ፤ አላህ ይስጥልኝ። ይኸው የመጨረሻው፦

«ፎራሚኒፌራ (ደቂቅ ቅሪተ አካል)። በጨው ባሕር የሚኖር ባለ አንድ ሕዋስ ፍጡር ዛጎል ነው። ፍጡሩ ዛጎሉን ክፍል በክፍል እየቀጠለ ይሠራዋል። ስሙ የመጣው ክፍሎቹን ከሚያገናኘው ውስጠ በር ነው። ከ500 ሚሊዮን ዓመት በፊት ጀምሮ አለ፤ ዛሬም በሕይወት አለ። አብዛኞቹ ፎራሚኒፌራዎች ከ1 ሚሊሜትር ያንሳሉ። በሣጥኑ ውስጥ ያለችው ግን ከትልልቆቹ ወገን የሆነች ኑሙላይት ናት። የጥንት ሰዎች ድንጋይ የሆነ ምስር መስላቸው ነበር። የድንጋይን ዕድሜ ለማወቅ ይጠቅማል።»

ጦሳ፦
አምስተኛው ዓረፍተ ነገር። «ዎች»።

ዘደሴ፦
ልኬዋለሁ መምህር። ማተሚያ ቤቱ ስልክ አያነሣም።