የዩቲዩብ ድራማና የልጆቻችን የፍቅር ግንዛቤ

ጥያቄ፦ የ15 ዓመት ልጄ በስልኳ በምትከታተለው ተከታታይ ድራማ ላይ ወንዱ የፍቅረኛውን ስልክ ነጥቆ መልእክቶቿን ሲያነብና የት እንደዋለች ሲያፋጥጣት ለስለስ ያለ ዜማ ይሰማል፤ እሷም «ስለሚወዳት እኮ ነው» ትለኛለች። ከመከልከል ሌላ ምን ማድረግ ይሻለኛል?

መልስ፦ ቢከለክሏት ተደብቃ ታያለች። ቃና ቴሌቪዥን በ2008 ዓ.ም. ወደ አማርኛ የተመለሱ የውጭ ድራማዎችን ማሰራጨት ሲጀምር፣ ብዙ ቤተሰብ አብሮ ተቀምጦ እያየ ይከራከር ነበር፤ ስልክ ግን ልጆቹን ብቻቸውን አስቀርቷቸዋል። አብረዋት ይመልከቱና «ታናሽ እህትሽን እንዲህ ቢያደርጋትስ?» ብለው ይጠይቋት።

መልስ፦ ሁሉንም ድራማ በአንድ ዓይን ማየት ግን አይገባም፤ የቤት ውስጥ ጥቃትን በድፍረት ያሳዩም አሉ።

መልስ፦ እኔ መምህር ነኝ፤ ከቅናቱ ይልቅ የሚያሳስበኝ እምቢ ያለችን ልጅ እስክትረታ ድረስ መከታተል እንደ ጽናት መቆጠሩ ነው። ሴት ልጅ እምቢ ስትል እሺ ማለቷ ነው የሚለው አስተሳሰብ ከድራማው በፊትም በመካከላችን ነበር፤ ድራማው ያደረገው ውብ ፊትና ሙዚቃ ማልበስ ነው። ተመልካች ቀጣዩን ክፍል በጉጉት እንዲጠብቅ ጠብና እርቅ መፈራረቅ ስላለባቸው፣ ተከባብረው በሰላም የሚኖሩ ጥንዶችን ልጆቹ እምብዛም አያዩም። ወንዶች ልጆቻችንንም አስቀምጠን እናነጋግራቸው፤ ምክሩ ሁልጊዜ ለሴቶቹ ብቻ መሆኑ ያሳዝነኛል።