አንዲት ቃል አስቸገረችኝ፣ እርዱኝ

ሰላም ለሁላችሁ። ስለ እንግሊዝ የድንጋይ ከሰል ሠራተኞች አድማ በአማርኛ እየጻፍኩ ነው። በማርች 1984 ዮርክሻየር ውስጥ ኮርተንውድ የተባለው የከሰል ማውጫ ጉድጓድ ሊዘጋ ነው ሲባል አድማው ተቀጣጠለ፤ ዓመት ገደማ ቆይቶ ያለ ስምምነት አበቃ። እዚህ ድረስ ሰላም ነኝ።

ያጣበቀኝ ኖቲንግሃምሻየር የሚባለው ሌላው የከሰል አካባቢ ነው። የሠራተኞቹ ማኅበር ስለ አድማው አገር አቀፍ ድምፅ ስላላሰጠ አንወጣም ብለው የዚያ አካባቢ አብዛኞቹ ሠራተኞች ሥራቸውን ቀጠሉ። አድማተኞቹ በር ላይ ቆመው «ስካብ!» እያሉ ይጮኹባቸዋል። ቃሉ ቁስል ላይ የሚደርቀው ቅርፊት ማለት ነው። «አድማ ሰባሪ» ብዬ ብጽፈው ቀዘቀዘብኝ። «ባንዳ» ስለው ደግሞ ጣሊያንን ጎትቶ ያመጣብኛል።

ሠራተኛ ማኅበር ውስጥ የኖራችሁ ታላላቆቼ፣ በእናንተ ጊዜ እንዲህ ያለውን ሰው ምን ብላችሁ ነበር የምትሰድቡት? ሐሙስ አስረክባለሁ።