አንድ ደራሲ እንዴት 395 የፊልም ድርሰት ይጽፋል?

ከኮምቦልቻ፦
ሰላም ለሁላችሁ። ኮምቦልቻ ውስጥ አነስተኛ የቴአትር ክበብ አለን፤ እኔም ድርሰት እሞክራለሁ። በአማርኛ ድምፅ የሚቀርቡት የቱርክ ተከታታይ ድራማዎች መነሻ ምን እንደሆነ ሳጣራ ሳፋ ኦናል ከሚባል የኢስታንቡል ደራሲ ላይ ደረስኩ። 395 ድርሰቶቹ ፊልም ሆነውለት በጊነስ የክብረ ወሰን መዝገብ ስሙ ሰፍሯል። እኛ አንዲት አጭር ቴአትር ለመጨረስ ክረምቱ አይበቃንም። ሰውየው በምን ዓይነት አሠራር ነው ይህን ያህል የጻፈው? ብዛቱስ ጥራቱን አልበላበትም?

ቧንቧ ውሃ (ደሴ)፦
ወንድሜ፣ ምስጢሩ ያለው ከብዕሩ ይልቅ ከገበያው ላይ ይመስለኛል። የቱርክ ሕዝባዊ ሲኒማ «የሺልቻም» የሚባለው ፊልም ሠሪዎቹ በተሰበሰቡባት የኢስታንቡል መንገድ ስም ሲሆን፣ እ.አ.አ. በ1972 በዓመት ወደ 300 የሚጠጋ ፊልም ያመርት ነበር። ገንዘቡ በአብዛኛው የሚመጣው አዳና፣ ኢዝሚርና ሳምሱንን በመሳሰሉ ከተሞች ከተቀመጡ አከፋፋዮች ነው፤ እነርሱም ፊልሙ ገና ሳይቀረጽ ለፕሮዲዩሰሩ የተስፋ ሰነድ እየፈረሙ፣ ተመልካቻችን እገሊትን ይፈልጋል፣ ታሪኩም የሚያስለቅስ ይሁን ይሉ ነበር። ስለዚህ ደራሲው ወረቀት ሲዘረጋ ተዋናይዋም ዘውጉም አስቀድሞ ተወስኗል። ቱርካን ሾራይን የመሰለች ኮከብ ደግሞ የራሷን ደንብ ይዛ ትመጣለች፤ መሳሳም የለበትም፣ እርቃን የለበትም። ቀረጻው ያለ ድምፅ ተካሂዶ ንግግሩ ኋላ ስቱዲዮ ውስጥ ስለሚገባ፣ ተዋናዩም ካሜራው ፊት ቃሉን ከአስታዋሽ አፍ እየተቀበለ ስለሚናገር፣ አጭርና ቀጥተኛ ንግግር የሚጽፍ ሰው ተፈላጊ ነበር። ከውጭ ፊልም ታሪክ መውሰድም የተለመደ ስለነበር ሁሉንም የፈጠራ ሥራ ብዬ አልቆጥረውም።

ሸዋ በር (ደሴ)፦
ስለ ገበያው በተባለው እስማማለሁ፤ ደራሲውን የትእዛዝ ጸሐፊ ብቻ ማድረጉን ግን አልቀበልም። ኦናል የጻፈውንና ሉትፊ አካድ በ1968 ያዘጋጀውን «ቬሲካሊ ያሪም» የተባለ ፊልም ተመልከቱ። መነሻው የሳይት ፋይክ አጭር ልብ ወለድ ሲሆን፣ አትክልትና ፍራፍሬ የሚሸጥ ባለትዳር ሰው በምሽት ክበብ ከምትሠራ ሴት ጋር ይዋደዳል። በዘመኑ ልማድ ቢሆን ኖሮ ወይ አንዷ ትሞታለች፣ ወይ አንዱ ባለጌ ተፈጥሮ ሁሉ ነገር በእሱ ይላከካል። እዚህ ግን ባለጌ የለም፤ ሚስትየዋ ክፉ አይደለችም፣ ልጆቹም አባታቸውን ይፈልጋሉ፣ ፍቅረኞቹ ሳይጣመሩ ይቀራሉ። ኮከቧ ያችው ሾራይ ናት፣ ደንቧም እንዳለ ነው። ትእዛዙን አክብሮ እንዲህ መጻፍ የሚችል ሰው ከ395ቱ መካከል ብዙ ደካማ ሥራ ቢኖረው አይገርመኝም፣ አይከፋኝምም።

ከኮምቦልቻ፦
ሁለታችሁንም አመሰግናለሁ። ያ ገበያ ከዚያ በኋላ ምን ሆነ?

ቧንቧ ውሃ (ደሴ)፦
በ1970ዎቹ ቴሌቪዥን በየቤቱ ሲገባ ቤተሰቡ ከሲኒማ ቤት ቀረ፤ ቀጥሎም ቪዲዮ መጣ፣ የአከፋፋዮቹም ገንዘብ ደረቀ። ሥራ ያልፈቱት ደራሲያን ወደ ቴሌቪዥን ተሻገሩ፤ ዛሬ በአማርኛ የምናየው ድራማ የዚያ ሜሎድራማ የልጅ ልጅ ነው። ለክበባችሁ ግን አብሽር፤ መጀመሪያ ተዋናዮቻችሁንና መድረካችሁን ቁጠሩ፣ ከዚያ ለእነርሱ ልክ ጻፉ።

ሸዋ በር (ደሴ)፦
ቁጠሩ፣ ግን ባለጌውን ቀንሱ።