አበባውን የጨረሰ የሄሌቦር ግንድ መቼ ይቆረጥ?

የምኖረው አትላንታ አካባቢ ሲሆን፣ በጓሮዬ ካለው የኦክ ዛፍ ጥላ ሥር ሁለት ዓይነት ሄሌቦር (በብርድ ወራት ማብቂያ ላይ የሚያብብ የጓሮ አበባ) አለኝ። አንደኛው ቅጠሉም አበባውም ከመሬት በቀጥታ የሚወጣው የተለመደው ዲቃላ ነው፤ አሮጌ ቅጠሉን በጥር፣ እንቡጡ ብቅ ሲል ከሥሩ ስለምቆርጠው አያስቸግረኝም። ያስቸገረኝ ግንድ አውጥቶ ከጫፉ ላይ ፈዘዝ ያለ አረንጓዴ አበባ የሚያፈካው የኮርሲካ ሄሌቦር ነው። አሁን በግንቦት አጋማሽ አበባው አልፎ ፍሬ ይዟል፤ ግንዶቹ ወደ ጎን ተጋድመዋል፤ የታችኞቹ ቅጠሎች ከጠርዛቸው ጀምሮ ጠቁረዋል፤ ከሥሩ ግን ጣት የሚያህሉ አዳዲስ ቀንበጦች ወጥተዋል። አፈሩ ቀይ ሸክላ በመሆኑ ብስባሽ ቀላቅዬበታለሁ፤ ውኃም የማጠጣው ላዩ ሲደርቅ ብቻ ነው። የጠቆሩትን ቅጠሎች እየለቀምኩ ብጥልም ጥቁረቱ ወደ ላይ መውጣቱን አላቆመም። በቀዝቃዛ አገር ያሉ አትክልተኞች አበባውን የጨረሰ ግንድ ከመሬት እኩል ይቆረጥ ይላሉ፤ እዚህ ግን በሐምሌ ሙቀቱ ከ32 ዲግሪ ሴንቲግሬድ የሚያልፍበት ቀን ብዙ ስለሆነ፣ ቀንበጦቹ የግንዶቹን ከለላ አጥተው እንዳይጠወልጉ እሰጋለሁ። እንዲህ ባለ ሙቀት ይህን ተክል ያሳደጋችሁ፣ አሮጌዎቹን ግንዶች አሁኑኑ ትቆርጧቸዋላችሁ ወይስ ሙቀቱ እስኪበርድ ትተዋቸዋላችሁ?