ተጀምሮ የቀረ የጌም ዳውንሎድ ዲስኩን ሞልቶታል፤ በየት በኩል ነው የሚጠፋው?

ጨሞጋ (ደብረ ማርቆስ)

ሰላም ለሁላችሁ። ላፕቶፑ ዊንዶውስ 10 ነው። ኤስኤስዲው (ፋይል የሚቀመጥበት ዲስክ) 256 ጊጋ ይባል እንጂ ኮምፒውተሩ 238 ብሎ ነው የሚያሳየው። ስቲም (የጌም መሸጫና ማውረጃ ፕሮግራም) ላይ 40 ጊጋ የሚሆን ጌም 62 ከመቶ ላይ ሳለ መብራት ጠፍቶ ቆመ፤ አሁን ሲ ድራይቭ ላይ የቀረው 6 ጊጋ ብቻ ነው።

ግራ ያጋባኝ፣ 62 ከመቶ ብቻ ወርዶ ሙሉው 40 ጊጋ የተያዘ መምሰሉ ነው። ከዳውንሎድ ወረፋው ባወጣውም ቦታው አልተመለሰም። ከዚህ ሌላ ዳውንሎድስ ፎልደር ውስጥ መጨረሻቸው «ሲአርዳውንሎድ» የሚል ሁለት ትልልቅ ፋይሎች አሉ፣ ኤፒክ (እንደ ስቲም ያለ ሌላ የጌም መሸጫ) ላይም አንድ ግማሽ የወረደ ጌም አለ። ዝም ብዬ ብሰርዛቸው የሚበላሽ ነገር ይኖራል?

የጮቄ ንፋስ

ወንድምዓለም፣ መጀመሪያ ይህን ወስን፦ ጌሙን አሁንም ትፈልገዋለህ? ከፈለግኸው አትንካው። የወረደው 25 ጊጋ ገደማ በገንዘብ የተገዛ ዳታ ነው፤ ብትሰርዘው ሁለተኛ ልትከፍልበት ነው። ስቲም ጌሙን የሚያወርደው አንድ ሜጋ ገደማ በሆኑ ቁርጥራጮች ነው። መብራት ሲጠፋ የሚበላሽ ቢኖር በዚያች ደቂቃ ሲጻፍ የነበረው ነው፤ ስቲም ሲከፈት ይፈትሽና ያንኑ ደግሞ አምጥቶ ካቆመበት ይቀጥላል። ፍተሻው ላይ መቶኛው ትንሽ ወደ ኋላ ቢመለስ አትደንግጥ።

ቦታው ሙሉ በሙሉ የተያዘው ስቲም ገና ማውረድ ሳይጀምር የፋይሎቹን ስፋት አስቀድሞ ዲስኩ ላይ ስለሚከልል ነው። ስለዚህ የፎልደሩ መጠን የወረደውን አይነግርህም፤ ትክክለኛውን የምታየው ዳውንሎድ ገጹ ላይ ነው።

ከወረፋ ማውጣት ደግሞ «አሁን አታውርድ» ማለት እንጂ «አጥፋ» ማለት አይደለም። ለማጥፋት ላይብረሪ ግባ፣ የጌሙን ስም ራይት ክሊክ አድርግ፣ «ማኔጅ» ከዚያም «አንኢንስቶል» በል። ጌሙ ወርዶ ባያልቅም ይሠራል። አብዛኛውን ጊዜ ነገሩ እዚህ ላይ ያበቃል።

ቦታው ካልተመለሰ ግን በእጅ መግባት ነው። ስቲምን በኤክስ ምልክቱ መዝጋት አይበቃም፣ ከጀርባ እየሠራ ይቆያል። ከታች በቀኝ፣ ሰዓቱ አጠገብ ያለችውን የስቲም ምልክት ራይት ክሊክ አድርገህ «ኤግዚት» በል። ከዚያ ሲ ድራይቭ፣ ፕሮግራም ፋይልስ ኤክስ86፣ ስቲም፣ ስቲምአፕስ ድረስ ሂድ። እዚያ የምትፈልጋቸው ሦስት ነገሮች ናቸው፦

«ዳውንሎዲንግ» የሚለው ፎልደር ውስጥ በጌሙ ቁጥር የተሰየመ ፎልደር አለ። ዶታ 2 ቢሆን 570፣ ካውንተር ስትራይክ 2 ቢሆን 730 ነው። የሌላውን ጌም ቁጥር ከስቲም ሱቅ ገጹ አድራሻ ላይ «አፕ» ከሚለው ቀጥሎ ታገኘዋለህ። አጠገቡ በ«ስቴት» የሚጀምርና ያንኑ ቁጥር የያዘ ትንሽ ፋይልም ሊኖር ይችላል። እነዚህ ናቸው የሚሰረዙት።

እዚያው ስቲምአፕስ ውስጥ «አፕማኒፌስት» ከሚል ስም ቀጥሎ ቁጥሩን የያዘ ፋይል አለ። ስቲም ጌሙን የሚያውቀው በዚህ መዝገብ ነው። ፎልደሩን ሰርዘህ እሱን ብትተወው ጌሙ ላይብረሪው ላይ እንዳለ ሆኖ ከዜሮ ለማውረድ ይሞክራል።

ሦስተኛው «ኮመን» ነው፤ ያለቁ ጌሞች የሚቀመጡበት። እዚህ ላይ ነው ብዙ ሰው የሚሳሳተው። የተቋረጠው አዲስ ጌም ሳይሆን ቀድሞ የተጫነ ጌም አፕዴት ከሆነ ማኒፌስቱንም ኮመንንም አትንካ። ዳውንሎዲንግ ውስጥ ያለውን ብቻ ሰርዝ፤ አፕዴቱ እንደገና ይጀምራል እንጂ ጌሙ አይጠፋም።

ዳሞት (ፍኖተ ሰላም)

ይህን ሁሉ ከመቆፈር ሴቲንግ ገብቶ፣ ዳውንሎድስ፣ «ክሊር ዳውንሎድ ካሽ» ማለት አይቀልም?

የጮቄ ንፋስ

ዳሞት፣ እሱ የሚረዳው ዳውንሎዱ አልነሳ ወይም አልቀጥል ሲል ነው። የስቲምን ጊዜያዊ መረጃ ያጠራል እንጂ በግማሽ የወረደውን 25 ጊጋ አያነሳውም። ከዚህም ሌላ ከአካውንት ያስወጣል፤ የይለፍ ቃሉን ያልያዘ ወይም የማረጋገጫ ኮዱ የሚመጣበትን ስልክ ያጣ ሰው ዘሎ እንዳይጫነው።

ሽንዲ

የብራውዘሩን እኔ ልመልስ። «ሲአርዳውንሎድ» የክሮም ያላለቀ ፋይል ነው። ፋየርፎክስ ላይ መጨረሻው «ፓርት» ይሆናል፤ አጠገቡም ትክክለኛውን ስም የያዘ ዜሮ ኪሎባይት ፋይል ያስቀምጣል። መጨረሻውን ወደ ዚፕ እየለወጣችሁ ለመክፈት አትድከሙ፤ የዚፕ ማውጫ የሚጻፈው ፋይሉ መጨረሻ ላይ ስለሆነ ግማሹ አይከፈትም።

መጀመሪያ ኮንትሮልና ጄ ተጫንና ዝርዝሩን እይ። «ሪዚዩም» የሚል ካለ ሞክረው፤ ሰርቨሩ ከመሐል መቀጠልን የሚፈቅድ ከሆነና ሊንኩ ጊዜው ካላለፈ ይቀጥላል። ዝርዝሩ ላይ ከሌለ ፋይሉ ባለቤት የለውም፣ ሰርዘው፤ የሚበላሽ ነገር የለም። «በሌላ ፕሮግራም ተከፍቷል» ካለህ ክሮምን ዝጋና ድገመው። ስትሰርዝ ሺፍትን ከዲሊት ጋር ተጫን፤ በዲሊት ብቻ ከሆነ ሪሳይክል ቢን ውስጥ ይገባና ቦታው አይለቀቅም።

ኤፒክ ላይ ግማሹ የሚቀመጠው ጌሙ እንዲጫንበት የመረጥህበት ፎልደር ውስጥ ነው። እዚያ ውስጥ «ኢጂስቶር» የሚባል ፎልደር አለ፤ የኤፒክ ፕሮግራም የወረደውን ቁራጭና መዝገቡን የሚይዘው እሱ ውስጥ ነው። ልትቀጥል ካሰብህ እሱን እንዳትነካ። የማትቀጥል ከሆነ መጀመሪያ ኤፒክ ውስጥ ዳውንሎዱን ሰርዝ፣ ፕሮግራሙን ዝጋ፣ ከዚያ የጌሙ ፎልደር ቀርቶ እንደሆነ አይተህ አጥፋው። ከማይክሮሶፍት ስቶር ወይም ከኤክስቦክስ የጀመርኸው ካለ ደግሞ እዚያው አፑ ውስጥ ነው የሚሰረዘው፤ «ዊንዶውስአፕስ» የሚባለውን የተደበቀ ፎልደር ፈቃድ እየለወጡ መጎርጎር ሌሎች አፖችን ይጎዳል።

አንድ ነገር አደራ። ሴቲንግ፣ ሲስተም፣ ስቶሬጅ፣ «ቴምፖራሪ ፋይልስ» ስትገባ ከዝርዝሩ መሐል «ዳውንሎድስ» የሚል ሳጥን አለ። እሱ ላይ ምልክት ካደረግህ ያለቀውም ያላለቀውም፣ ፎቶውም ሰነዱም አብሮ ይሄዳል። ሌሎቹን ምረጥ፣ እሱን ተወው።

ዳሞት (ፍኖተ ሰላም)

ለካሹ አመሰግናለሁ፣ አሁን ገባኝ። ሌሊት ለሚያወርድ ሰው አንድ ልጨምር፦ ስቲም ሴቲንግ ዳውንሎድስ ውስጥ አፕዴት የሚነሳበትን ሰዓት መወሰን ይቻላል። ሰዓቱ ግን የፈረንጅ አቆጣጠር ነው። የእኛ ከሌሊቱ 6 ሰዓት እዚያ 12 ኤኤም ነው፣ ከሌሊቱ 11 ሰዓት ደግሞ 5 ኤኤም። 6 ኤኤም ብሎ የሞላ ሰው ንጋት 12 ሰዓት ላይ፣ የሌሊት ጥቅሉ ሲያበቃ ሊያስጀምረው ነው። ደግሞም ይህ ለአፕዴት ብቻ ነው፤ አዲስ ጌም ራስህ ማስጀመር አለብህ።

ፍጥነቱንም አስሉት። ስቲም በሴኮንድ 8 ሜጋቢት ካሳየ 1 ሜጋባይት ማለት ነው፤ የቀረው 15 ጊጋ በዚያ ፍጥነት 4 ሰዓት ከ10 ደቂቃ ገደማ ይወስዳል። በአንድ ሌሊት ያልቃል ወይስ አያልቅም የሚለውን ከመጀመር በፊት ማወቅ ይሻላል።

ጨሞጋ (ደብረ ማርቆስ)

እግዜር ይስጥልኝ። የክሮሞቹን በሺፍት ዲሊት ሰረዝኋቸው፣ 11 ጊጋ ተመለሰ፤ የኤፒኩንም አጠፋሁ። የስቲሙን ግን ልቀጥለው ነው። አንድ ጥያቄ ብቻ፦ ደጀን ያለ ጓደኛዬ ኮምፒውተር ላይ ይኸው ጌም ሙሉው አለ። በፍላሽ ባመጣው ይሆናል?

የጮቄ ንፋስ

ይሆናል፤ ከማውረድም ይሻላል። የአንተን ግማሽ በአንኢንስቶል አጥፋው፣ ለሙሉው ቦታ ያስፈልግሃልና። ከእሱ ኮምፒውተር ስቲምአፕስ፣ ኮመን ውስጥ ያለውን የጌሙን ፎልደር ስሙን ሳትለውጥ ቅዳ። አንተ ጋ ስቲም ዝግ ሆኖ ኮመን ውስጥ አስቀምጠው፣ ከዚያ ስቲምን ከፍተህ «ኢንስቶል» በል። ያለውን ፋይል አግኝቶ ይፈትሻል፣ የጎደለውን ብቻ ያወርዳል። ጌሙ በአንተም አካውንት ውስጥ መኖር አለበት።

ፍላሹ ፎርማት የተደረገው ፋት32 በሚባለው የቆየ ዓይነት ከሆነ ከ4 ጊጋ የሚበልጥ ነጠላ ፋይል አይቀበልም፤ «ፋይሉ ለመዳረሻው በጣም ትልቅ ነው» የሚለው የቦታ ማነስ አይደለም። ፍላሹ ላይ ያለውን ወደ ሌላ ቦታ አውጥተህ በኤክስፋት ፎርማት አድርገው።

ጓደኛህ ላፕቶፑን ይዞ ማርቆስ ከመጣ ደግሞ ፍላሽም አያስፈልግ። ከ2023 ወዲህ ስቲም ሴቲንግ ዳውንሎድስ ውስጥ በአንድ ዋይፋይ ላይ ካሉ ኮምፒውተሮች ጌም ማስተላለፍ ይቻላል። እሱ ጋ ለጓደኞች ክፈተው፣ አንተም ስቲም ላይ ጓደኛው ሁን፤ ከዚያ ማውረድ ስትጀምር አብዛኛውን ከእሱ ዲስክ ይወስዳል። በኬብል ብታገናኙት ከዋይፋዩ ይፈጥናል።